በዕቃ ማጠቢያው ውሃ ላይ የተመራመረችው አግኔስ ፖከልስ

ለትምህርት ወይም ለሥራ ወደ ባሕር ማዶ የተሻገረ ወጣት በተከራየው ቤት ውስጥ ከሚጠብቁት እንግዳ ነገሮች አንዱ ዕቃ የሚያጥበው መኪና ነው። ሳህኑን፣ ብርጭቆውንና ሹካውን በየቦታው ሰክቶ፣ ሳሙናውን ጨምሮ ቍልፉን ሲጫነው መኪናው ማጕረምረም ይጀምራል፤ ከአንድ ሰዓት ወይም ከዚያ በላይ ከሠራም በኋላ ዝም ይላል። ወጣቱ መዝጊያውን ከፍቶ አንዱን ብርጭቆ ወደ ብርሃን ቢያነሣው ግን፣ ጥርት ያለ መስታወት ያያል ተብሎ ሲታሰብ፣ ነጫጭ ነጠብጣብ የሞላበትና ጉም የጋረደው የሚመስል ነገር ያገኛል። እንደገና ቢያጥበው ያው ነው፤ ሳሙናውን ቢያበዛውም ያው ነው። በመጨረሻ መኪናውን ረግሞ ወደ ጥንቱ የእጅ እጥበት ይመለሳል።

ጥፋቱ ግን የመኪናውም የሳሙናውም አይደለም። በመዝጊያው በውስጥ በኩል፣ ከሳሙናው ማስቀመጫ አጠገብ፣ ክዳን ያላት ሌላ ትንሽ ጕድጓድ አለች። ብዙ ሰው ከፍቶ አያያትም። እርሷ የምትሞላው በማለቅለቂያ ፈሳሽ ነው። ይህ ፈሳሽ ሳሙና አይደለም፤ ሽቶም አይደለም፤ ሥራው ምን እንደ ሆነ ለመረዳት ከሁሉ የሚሻለው የአንዲት ጀርመናዊት ሴት የሕይወት ታሪክ ነው። እርሷም አግኔስ ፖከልስ ትባላለች።

አስቀድሞ አንድ ነገር መለየት ይገባል። አግኔስ ፖከልስ ዕቃ ማጠቢያውን መኪና አልሠራችም። እርሱን በደንብ አሠርታ የፈጠራ መብቷን በዲሴምበር 28 ቀን 1886 ያስመዘገበችው አሜሪካዊቱ ወይዘሮ ጆሴፊን ኮክሬን ናት። ማለቅለቂያውንም ፈሳሽ አግኔስ አልቀመመችውም። አግኔስ የመረመረችው ከሁለቱም በፊት የሚመጣውን ጥያቄ ነው፤ ይኸውም ውሃ በአንድ ዕቃ ላይ ሲያርፍ ስለ ምን ይጠባጠባል፣ ስለ ምንስ ይዘረጋል፣ ጥቂት ቅባት ወይም ሳሙና ሲነካውስ ስለ ምን ጠባዩ ይለወጣል የሚለውን ነው። ይህን ስትመረምር ዩኒቨርሲቲ አልገባችም፣ የሥራ ክፍልም አልነበራትም፤ የነበራት ወጥ ቤት ብቻ ነው።

አግኔስ የተወለደችው እንደ አውሮጳ አቈጣጠር (በዚህ ጽሑፍ የሚገኙት ዓመቶች ሁሉ በዚሁ አቈጣጠር ናቸው) በፌብሩዋሪ 14 ቀን 1862 በቬኒስ ከተማ ነው። ቬኒስ በዚያን ጊዜ ገና ከኢጣሊያ መንግሥት ጋር አልተቀላቀለችም፤ ከኦስትሪያ ንጉሠ ነገሥት ግዛት ሥር ነበረች። አባቷ ቴዎዶር ፖከልስም በኦስትሪያ ጦር ውስጥ መኮንን ነበርና ቤተሰቡ በሰሜን ኢጣሊያ ይኖር ነበር። ወንድሟ ፍሪድሪኽ በ1865 ቪቼንዛ በተባለችው ከተማ ተወለደ። ያ አገር ወባ የበዛበት ስለ ነበረ ቤተሰቡ በሕመም ተጐዳ፤ አባትየውም ጤናው ስለ ታወከ በ1871 ከውትድርና ወጥቶ ቤተሰቡን ይዞ በሰሜን ጀርመን ወደምትገኘው ወደ ብራውንሽዋይግ ገባ። ልጅቱ የዘጠኝ ዓመት ነበረች። ከዚያ ወዲያ እስከ ዕለተ ሞቷ ድረስ ኑሮዋ በዚያች ከተማ ሆነ።

በብራውንሽዋይግ የልጃገረዶች ከፍተኛ ትምህርት ቤት ገብታ ተማረች። ከትምህርቱ ሁሉ ልቧን የሳበው የተፈጥሮ ሳይንስ፣ ይልቁንም ፊዚክስ ነበር። ይሁን እንጂ በዚያን ዘመን የጀርመን ዩኒቨርሲቲዎች ሴቶችን በተማሪነት አይቀበሉም ነበር። ፕሩስያ ለሴቶች በሩን የከፈተችው በ1908 ነው፤ በዚያን ጊዜ አግኔስ 46 ዓመቷ ነበር። በሩ ወለል ማለት በጀመረ ጊዜም ወላጆቿ ከቤት እንዳትወጣ ፈለጉ፤ ሁለቱም ደካሞችና ሕመምተኞች ነበሩና የሚያስታምማቸው ሰው ያስፈልጋቸው ነበር። ወንድሟ ግን ወንድ በመሆኑ መንገዱ ክፍት ነበር። ወደ ጎቲንገን ዩኒቨርሲቲ ሄደ፤ ፊዚክስ ተማረ፤ በኋላም ፕሮፌሰር ሆነ። በ1893 ስለ ኤሌክትሪክና ስለ ብርሃን የደረሰበት ግኝት ዛሬም በእርሱ ስም ይጠራል፤ የሌዘር ብርሃንን እጅግ ባጭር ቅጽበት የሚከፍቱና የሚዘጉ መሣሪያዎች በእርሱ ሕግ የሚሠሩ ናቸው።

እንዲህ ያለውን የእኅትና የወንድም ነገር ሲሰሙ በመካከላቸው ቅናት ነበር ብሎ መገመት ይቀላል። ነገሩ ግን እንዲያ አልነበረም። ፍሪድሪኽ ከዩኒቨርሲቲው መጻሕፍትን ለእኅቱ ያመጣላት ነበር፤ በእርሱም በኩል የሳይንስ መጽሔቶች ይደርሷት ነበር። እርሷም ቀኑን ስታበስል፣ ስታጥብና ስታስታምም ውላ በተረፋት ሰዓት ታነባቸዋለች። የከፍተኛ ሂሳብን ትምህርት ያለ መምህር ለመወጣት ብዙ እንደ ደከመች ይታወቃል።

ምርምሯን የጀመረችው ግን ከእነዚህ መጻሕፍት በፊት ነው። አሥራ ስምንት ዓመት በሆናት ጊዜ፣ በ1880 ገደማ፣ ዓይኗ በዕቃ ማጠቢያው ውሃ ላይ ዐረፈ። ከሞተች በኋላ ከቤተሰቧ የወጣው ትውስታ እንደሚተርከው፣ ሌሎች ሴቶች በየቀኑ እየተጸየፉ የሚደፉት ያ ቅባታም እጣቢ ነው አሳቧን የቀሰቀሰው። በውሃው ላይ የተንሳፈፈው ቅባት አንድ ጊዜ ሲዘረጋ፣ አንድ ጊዜ ሲሸሽ፣ ሳሙና ሲጠጋውም በድንገት ሲበተን ታያለች። ይህን ያላየ ማን አለ? እርሷ ግን ማየት ብቻ አልበቃትም፤ መመዘን ፈለገች።

የምትመዝነው ነገር የውሃ ገጽ ውጥረት ይባላል። በውሃ ውስጥ ያለ እያንዳንዱ ሞለኪውል በዙሪያው ባሉት ባልንጀሮቹ በየአቅጣጫው እኩል ይሳባል። ከላይ በገጹ ላይ ያለው ግን ከበላዩ የሚስበው ባልንጀራ ስለሌለው ወደ ውስጥና ወደ ጎን ብቻ ይሳባል። ስለዚህ የውሃው ገጽ በከበሮ ላይ እንደ ተወጠረ ቆዳ ይሆናል፤ ሁልጊዜም ለመሰብሰብና ለማነስ ይታገላል። የውሃ ጠብታ ድቡልቡል የሚሆነው በዚህ ነው፤ መርፌም በጥንቃቄ ቢያጋድሟት በውሃ ላይ የምትንሳፈፈው በዚሁ ነው። በ20 ዲግሪ ሴንቲግሬድ የንጹሕ ውሃ ውጥረት በሜትር 73 ሚሊኒውተን ያህል ነው፤ ሳሙና ሲገባበት ግን ወደ 30 ገደማ ይወርዳል።

አግኔስ ይህን ለመመዘን በ1882 ገደማ የሠራችው መሣሪያ ከቆርቆሮ የተበጀ ጠባብ ገንዳ ነበር። ርዝመቱ 70፣ ወርዱ 5፣ ጥልቀቱ 2 ሴንቲሜትር ነው። ገንዳውን እስከ ከንፈሩ ድረስ ውሃ ትሞላዋለች። ከዚያም ወርዱ አንድ ሴንቲሜትር ተኩል ያህል የሆነ የቆርቆሮ ቅጠል በገንዳው አግድም ታኖርበታለች፤ የቅጠሉ ሆድ የውሃውን ፊት ይነካና ገጹን ለሁለት ይከፍለዋል። ቅጠሉን ወደ ቀኝ ወይም ወደ ግራ ስትገፋው በአንዱ ወገን ያለው የውሃ ገጽ ይጠብባል፣ በሌላው ወገን ያለው ይሰፋል። ውጥረቱንም ለማወቅ ከትንሽ ሚዛን ላይ ስፋቷ 6 ሚሊሜትር የሆነች ክብና ዝርግ ነገር አንጠልጥላ ውሃውን ታስነካለች፤ ያችን ከውሃው ፊት ነቅሎ ለማንሣት ስንት ክብደት እንደሚያስፈልግ ትመዝናለች። ውሃው አጥብቆ ከያዘ ውጥረቱ ብዙ ነው፤ ቶሎ ከለቀቀ ጥቂት ነው።

ተማሪዎች እዚህ ላይ ቆም ብለው ቢያስቡ መልካም ነው። በመሣሪያው ውስጥ በገበያ የማይገኝ ነገር የለም። የረቀቀው ነገር ያ የሚንቀሳቀሰው ቅጠል ነው። ከእርሷ በፊት የነበሩት ሊቃውንት በውሃ ላይ ዘይት እያንጠባጠቡ ብዙ ተመልክተዋል፤ ነገር ግን የዘይቱን መጠን ሳይለውጡ የሚተኛበትን ስፋት ብቻ እንዲህ እንደ ልብ መለወጥን መንገድ አድርጋ የያዘችው እርሷ ናት። በዚያው ቅጠል ሌላም ትልቅ ችግር ፈታችበት፤ የውሃውን ፊት ከዳር እስከ ዳር እየጠረገች ዓይን የማያየውን ቅባት ወደ አንድ ጥግ ትሰበስበዋለች፤ በዚህም እውነተኛ ንጹሕ ገጽ ታገኛለች። የአቧራ ብናኝ ወይም የጣት ወዝ ብቻ የውሃን ውጥረት እንደሚያዛባ የተረዳች ስለ ነበረች፣ ከዚህ ጥርጊያ በፊት የተደረገ ልኬት የማያስተማምን መሆኑን ታውቅ ነበር።

ያገኘችውም ይህ ነው። በውሃው ፊት ላይ ጥቂት ቅባት ተዘርግቶ ገጹ ሰፊ ሲሆን ውጥረቱ እንደ ንጹሕ ውሃ ያለ ነው፤ ቅባቱ የሌለ ያህል ነው። ቅጠሉ እየተገፋ ገጹ ሲጠብ ግን አንድ የተወሰነ ስፍራ ላይ ሲደርስ ውጥረቱ በድንገት መውደቅ ይጀምራል። ያ ስፍራ ሁልጊዜ በቅባቱ ልክ የሚወሰን ነው። የዚህ ነገር ትርጕም ምን እንደ ሆነ በሙሉ የተገለጠው ከዓመታት በኋላ ነው። የቅባቱ ሞለኪውሎች ተበታትነው ሲንሳፈፉ ውሃውን አይገዙትም፤ ተጠጋግተው ትከሻ ለትከሻ ሲነካኩና ውፍረቱ አንድ ሞለኪውል ብቻ የሆነ ምንጣፍ ሲሆኑ ነው ኀይላቸው የሚታየው። የዚህ ምንጣፍ ውፍረት ከሚሊሜትር አንድ ወይም ሁለት ሚሊዮንኛ ያህል ነው። ማንም ሰው ሞለኪውልን በዓይኑ ባላየበት፣ አንዳንድ ታላላቅ ሊቃውንትም መኖሩን በሚጠራጠሩበት ዘመን፣ በብራውንሽዋይግ ያለች አንዲት ልጃገረድ በቆርቆሮ ገንዳ ስፋቱን ወደ መለካት ደርሳ ነበር።

ከዚህ በኋላ ያለው ዘመን የዝምታ ዘመን ነው። ሙከራውን ለዓመታት ቀጠለች፤ ውጤቱን በደብተር ጻፈች፤ ነገር ግን የምታሳትምበት መንገድ አልነበራትም። ዲግሪ የሌላትን፣ ስሟንም ማንም የማያውቀውን ሴት ጽሑፍ የሚቀበል መጽሔት ከወዴት ይገኛል? አስቸጋሪው ነገር ይህ ነው፤ ያልታተመ ሳይንስ እንዳልተሠራ ይቈጠራል። ሌላ ሰው ያንኑ አግኝቶ ቢያሳትመው የአሥር ዓመት ድካሟ ያለ ስም ይቀራል።

የፈራችው ሊደርስ ምንም አልቀረውም። በ1890 ሎርድ ሬይሊ የተባለው የእንግሊዝ ሊቅ በውሃ ላይ ስለሚዘረጋ ዘይት ያደረገውን ምርምር አወጣ። ይህ ሰው የመሳፍንት ወገን፣ በካምብሪጅ የፊዚክስ ፕሮፌሰር የነበረ፣ በዓለም የታወቀ ሊቅ ነው፤ በኋላ በ1904 የኖቤል ሽልማት አግኝቷል። እርሱም እንደ አግኔስ በቤቱ ውስጥ ይመራመር ነበር፤ ልዩነቱ የእርሱ ቤት በኤሴክስ የሚገኝ ትልቅ የባላባት ግቢ መሆኑ ነው። አግኔስ ስለ ሥራው በመጽሔት ባነበበች ጊዜ ሊቁ እርሷ ከዓመታት በፊት ያለፈችበትን መንገድ ገና በመጀመር ላይ እንዳለ ተረዳች።

በጃንዋሪ 10 ቀን 1891 ደብዳቤ ጻፈችለት። በጀርመንኛ ነው የጻፈችው። ያለ ትውውቅ ስለ ደፈረች ይቅርታ ጠይቃ፣ በልዩ ልዩ ምክንያት በሳይንስ መጽሔት ለማሳተም እንደማይመቻት ገልጻ፣ ገንዳዋን ከነልኩ፣ ሙከራዋን ከነውጤቱ ዘረዘረችለት። ደብዳቤው ምስጋናም ልመናም አያበዛም፤ ከመግቢያው ቀጥሎ በቀጥታ ወደ ሥራው የሚገባ ነው። ማመልከቻ ለሚጽፉ ወጣቶች ይህ ሊጠና የሚገባው ነገር ይመስለኛል።

ደብዳቤን ተቀብሎ መሳቢያ ውስጥ መክተት ቀላል ሥራ መሆኑን በቢሮ የዋለ ሰው ሁሉ ያውቃል። ሎርድ ሬይሊ ሊያደርግ የሚችለው ብዙ ነገር ነበር፤ ሊንቀው ይችል ነበር፤ ወይም አሳቡን ወስዶ በራሱ ጽሑፍ ውስጥ ሊያስገባው ይችል ነበር፤ ማንም አያውቅበትም። እርሱ ግን ባለቤቱ ደብዳቤውን ወደ እንግሊዝኛ እንድትተረጕመው አደረገ። በማርች መጀመሪያም ኔቸር ለተባለው መጽሔት አዘጋጅ ላከው፤ ይህች ሴት በቤት ዕቃ ብቻ ተረድታ ጠቃሚ ውጤት እንዳገኘች፣ የመጀመሪያው ክፍል እርሱ ራሱ በቅርቡ ከሠራው ጋር እንደሚገጥም፣ ኋለኛው ክፍል ደግሞ ለብዙ ጥያቄ በር የሚከፍት መሆኑን ገልጾ እንዲታተምላት ጠየቀ። በማርች 12 ቀን 1891 ደብዳቤው በስሟ ታተመ። ከተማ ውስጥ ዕቃ ስታጥብ የምትታይ የ29 ዓመት ሴት በዓለም ከታወቁት የሳይንስ መጽሔቶች በአንዱ ላይ ቆመች።

ሬይሊም በጀመረው ቀጠለ። በ1899 ባወጣው ጽሑፍ ውጥረቱ መውደቅ የሚጀምርበት ያ ስፍራ ሞለኪውሎቹ አንድ ድርብ ሆነው የሚነካኩበት መሆኑን አስረዳ። ያ ስፍራ በዘመናችን የፖከልስ ነጥብ ይባላል።

እርሷም ከመጀመሪያው ደብዳቤ በኋላ አላረፈችም። በ1892፣ በ1893 እና በ1894 ሌሎች ጽሑፎች በዚያው መጽሔት ወጡላት፤ ቀጥሎም በአገሯ በጀርመን መጽሔቶች መጻፍ ጀመረች። በውሃ የማይሟሟ ነገርን በቤንዚን ዓይነት ፈሳሽ አሟሙቶ በውሃው ፊት ላይ ማንጠባጠብን፣ ፈሳሹ ሲተን ስስ ድርቡ ብቻ እንዲቀር ማድረግን ያስተማረች እርሷ ናት፤ ይህ ዘዴ እስከ ዛሬ ይሠራበታል። በመካከሉም የቻርልስ ዳርዊን ልጅ ጆርጅ ዳርዊን ስለ ባሕር ሞገድ መውጣትና መውረድ የጻፈውን መጽሐፍ ወደ ጀርመንኛ ተረጕማ በ1902 አሳተመች። ይህን ሁሉ የሠራችው እናትና አባቷን እያስታመመች ነው።

ለእኛ ጥያቄ ከሁሉ የሚቀርበው ግን በ1914 ያወጣችው ጽሑፍ ነው። በዚህ ጽሑፍ ፈሳሽ በጠጣር ነገር ላይ እንዴት እንደሚዘረጋና በጠርዙ ላይ ምን ያህል ማዕዘን እንደሚሠራ መረመረች። ውሃ በንጹሕ ብርጭቆ ላይ ሲያርፍ ጠርዙ ዝቅ ብሎ ይተኛል፤ ማዕዘኑ ትንሽ ነው። ቅባት በነካው ነገር ላይ ግን ይሸሻል፤ ጠርዙ ቀና ይላል፤ ጠብታውም ይደበለበላል። የማለቅለቂያው ፈሳሽ ምሥጢር በሙሉ እዚህ ላይ ነው።

አሁን ወደ መኪናው እንመለስ። መኪናው ዕቃውን በሳሙናው ካጠበ በኋላ ያንን ውሃ ደፍቶ በአዲስ ውሃ ያለቀልቃል። ስለዚህ በመጨረሻው ውሃ ውስጥ ሳሙና የለም፤ ውጥረቱም ሙሉ ነው። እንዲህ ያለው ውሃ በብርጭቆው ላይ ተዘርግቶ አይወርድም፤ ጠብታ ጠብታ ሆኖ ይቀራል። ጠብታው በሙቀቱ ሲደርቅ ውሃው ይተናል፤ በውሃው ውስጥ የነበረው ካልሲየምና ማግኒዚየም ግን የሚተን አይደለምና እንደ ኖራ ነጭ ሆኖ በጠብታው ልክ ይቀራል። ወጣታችን ያየው ነጠብጣብ ይህ ነው። ሳሙና ቢያበዛ ያልጠቀመውም ሳሙናው ቀደም ብሎ ስለሚደፋ ነው። ማለቅለቂያው ፈሳሽ የተለየ ጕድጓድ የተሰጠው በዚሁ ምክንያት ነው፤ መኪናው በመጨረሻው ውሃ ላይ ብቻ ጥቂት ሚሊሊትር ይለቅበታል። ፈሳሹ አረፋ የማያበዛና ውጥረትን የሚያላላ ነገር አለበት፤ ብዙውን ጊዜም በሎሚ የሚገኘው ሲትሪክ አሲድ ይጨመርበታል፤ አሲዱ ኖራውን ይይዘዋል። ውሃው ጠብታ መሆኑ ቀርቶ እንደ ስስ መጋረጃ ተንሸራቶ ይወርዳል፤ የሚቀረው ውሃ ትንሽ ስለሆነም ዕቃው ቶሎ ይደርቃል። ፕላስቲክ ዕቃ ግን እንደ ሸክላና እንደ ብርጭቆ ሙቀት አይዝም፤ ውሃውንም ይገፋል፤ ስለዚህ ፈሳሹ እያለም ቢሆን እርጥብ ሆኖ ቢወጣ አያስደንቅም።

በጕድጓዷ አጠገብ ብዙውን ጊዜ ቍጥር ያለባት ትንሽ መዘውር አለች። ነጠብጣብ ሲታይ ቍጥሩን ከፍ፣ ብርጭቆው ላይ ሰማያዊ ነገር ወይም የሚያዳልጥ ሽፋን ሲታይ ዝቅ ማድረግ ነው፤ እርሱ የመብዛቱ ምልክት ነውና። ለእጅ እጥበት የሚሆነውን ሳሙና በዚያች ጕድጓድ የሚጨምር ሰው ግን ወጥ ቤቱን በአረፋ ይሞላዋል። ውሃው እጅግ ኖራም በሆነበት አገር ማለቅለቂያው ብቻውን አይበቃም፤ ብዙዎቹ መኪናዎች ውሃውን የሚያለሰልስ ሌላ ክፍል አላቸው፤ እርሱም የሚታደሰው በጨው ነው። ሦስቱንም በአንድ እንክብል ውስጥ የያዘ ሳሙና ስላለ ሣጥኑን ማንበብ ነው። ደግሞም ብዙ ይሻላል ማለት አይገባም። በ2022 በስዊስ አገር የሚገኙ ተመራማሪዎች በሆቴልና በምግብ ቤት ትልልቅ መኪናዎች የሚገባው የማለቅለቂያ ፈሳሽ፣ በቤተ ሙከራ ያደጉ የሰው አንጀት ሕዋሳትን እንደሚጐዳ አሳይተዋል፤ ያ መኪና በአጭር ጊዜ የሚሠራና ፈሳሹን በዕቃው ላይ የሚያስቀር ነው። በቤት ያለውም ቢሆን በልኩ ቢሆን ይመረጣል።

የአግኔስን ታሪክ በ1914 ላይ ትተነው ነበር። ያ ዓመት ለእርሷ የኀዘን ወራት ነበር። ወንድሟ ፍሪድሪኽ ከአንድ ዓመት በፊት፣ በ1913፣ በሃይደልበርግ ሞቶ ነበር፤ ገና 48 ዓመቱ ነበር። ከእርሱ ጋር ወደ ሊቃውንቱ ዓለም የሚያገናኛት ድልድይ ተሰበረ፤ መጽሔቶቹም ከእርሱ ጋር ቀሩ። አባቷ በ1906 ዐርፎ ነበር፤ እናቷም በ1914 ሞተች። በዚያው ዓመት ታላቁ ጦርነት ፈነዳ። የዓይኗም ብርሃን እየደከመ ሄደ። ሙከራው ቀስ በቀስ ተቋረጠ።

እርሷ ዝም ባለችበት ጊዜ ነው ሥራዋ በሌላ አገር የበቀለው። በአሜሪካ በስኬነክታዲ ከተማ በጄኔራል ኤሌክትሪክ የምርምር ክፍል የሚሠራው ኢርቪንግ ላንግሙር በ1917 ባወጣው ጽሑፍ፣ ከእርሷ ገንዳ የተወለደውን መሣሪያ አሻሽሎ፣ በውሃ ላይ ያሉ ሞለኪውሎች እንዴት ቆመው እንደሚሰለፉ አሳየ። በዚህና ይህን በመሳሰለው ሥራው በ1932 የኖቤል ሽልማትን በኬሚስትሪ ተቀበለ። መሣሪያው በብዙ መጻሕፍት በእርሱ ስም ይጠራል። ሰውየው ሊቅ መሆኑን የሚክድ የለም፤ ነገር ግን ገንዳው ከየት እንደ መጣ የሚያውቅ ሰው ይህን ስም ሲሰማ ቅር ሳይለው አይቀርም።

አግኔስ ጨርሳ አልተረሳችም። በ1931 የጀርመን የኮሎይድ ማኅበር፣ ከፈረንሳዊው ከአንሪ ደቮ ጋር በአንድነት የላውራ ሌናርድ ሽልማትን ሰጣት። በ1932፣ ላንግሙር የኖቤል ሽልማቱን ባገኘበት በዚያው ዓመት፣ የብራውንሽዋይግ የቴክኒክ ከፍተኛ ትምህርት ቤት የክብር ዶክተርነት ማዕረግ ሰጣት። በልጅነቷ በተማሪነት ሊቀበላት የሚችል ከፍተኛ ትምህርት ቤት ያልነበራት ሴት በ70 ዓመቷ ዶክተር ተባለች። ባል አላገባችም፤ ልጅም አልወለደችም። በኖቬምበር 21 ቀን 1935 በብራውንሽዋይግ ዐረፈች።

ያ ትምህርት ቤት ዛሬ የብራውንሽዋይግ የቴክኒክ ዩኒቨርሲቲ ይባላል። በስሟ የተሠየመ ሜዳይ ይሸልማል፤ የትምህርት ቤት ልጆች እየመጡ የኬሚስትሪ ሙከራ የሚያደርጉበት ቤተ ሙከራም በስሟ ይጠራል።